አንድ ያልተከፈተ ወተት

ካሆ ትምህርት ቤት ትሄድ በነበረ ጊዜ አንድ ተራ ቀን ምን ያህል ያስወጣት እንደነበር ከራሷ ጋር ቁጭ ብለን አስልተነዋል። ማስክ ሁለት፤ አንዱ ጠዋት፣ አንዱ ደግሞ ከስፖርት ክፍለ ጊዜ በኋላ፣ የመጀመሪያውን ላብ ስለሚያበሰብሰው። ሠላሳ ፍሬ የሚይዘው ፓኬት ስድስት መቶ የን ይሸጣል፤ ላዩ ላይ «ፊትን አነስ አድርጎ ያሳያል» ተብሎ ተጽፎበታል። በቀን አርባ የን መሆኑ ነው። የምሳ ክፍያ ሦስት መቶ ዐሥር የን፤ እናቷ የምትከፍለው፣ እሷ የማትቀምሰው። እንቅልፍ አርባ ደቂቃ፤ የግንባር ፀጉሯ ቅንድቧ ላይ ልክ እንዲያርፍላት። ውሃ ከጠዋቱ አንድ ሰዓት እስከ ዐሥር ሰዓት ጠብታም የለም፤ ለመጠጣት ማስክ ዝቅ ማድረግ አለ። ውሸት ሁለት፤ አንዱ ለእናቷ፣ «በልቻለሁ»፤ አንዱ ለጓደኛዋ፣ «ጉንፋን ይዞኝ ነው»።

«ውሸቱን ሦስት ያድርጉት» አለችኝ።

«ሦስተኛው ለማን ነው?»

«ለእርስዎ ነዋ፣ እትዬ ሳናኤ። ወተት አልወድም ያልኩዎትስ?»

ወተት ትወዳለች። ይህን ያወቅሁት በጣም ዘግይቼ ነው።

እኔ ካሆ በተማረችበት መካከለኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ማድ ቤት ውስጥ አበስላለሁ። አምስት ሴቶች ሆነን በቀን ሁለት መቶ ሰባ ምሳ እንሠራለን። ሁለተኛ ደረጃ እንደጨረስኩ ገባሁ፣ አግብቼ ኡታን ስወልድ ወጣሁ፣ ኡታ መዋዕለ ሕፃናት ስትገባ ተመለስኩ። የማድ ቤት ሰው ልጆቹን የሚያውቃቸው በፊታቸው ሳይሆን በሚመልሱት ነው። እያንዳንዱ ክፍል ድስቱንና ሳጥኑን ይወስዳል፣ ከበላ በኋላ የተረፈውን ይመልሳል፣ እኛ መዝነን እንመዘግባለን። አንደኛ ዓመት አንድ ክፍል እንጉዳይ አይነካም። ሁለተኛ ዓመት ሦስት ክፍል ሩዝ በካሪ የሆነ ቀን ድስቱን ልሶ ነው የሚመልሰው።

«የልጅ ነገር ከትርፍራፊው ይታወቃል» ይሉናል አለቃችን እማማ ኩዋባራ፤ ሠላሳ ዓመት እዚያው ድስት ያማሰሉ ሴት ናቸው። «ፊት ይዋሻል፤ ትርፍራፊ አይዋሽም።»

ካሆ ጎረቤቴም ናት። ቤታቸው ከእኛ ሦስት ቤት አለፍ ብሎ፣ ወደ ዓሣ ወደቡ በሚወርደው መንገድ ላይ ነው። አባቷ በጭነት መርከብ ስለሚሠራ በዓመት ለጥቂት ሳምንት ብቅ ብሎ ይጠፋል። እናቷ ቶሞኤ ባቡር ጣቢያው አጠገብ መነጽር ትሸጣለች። ሣቂ፣ ተጫዋች፣ መንገድ ላይ ካገኘችሽ የማትለቅሽ ሴት ናት።

ካሆ እኛ ትምህርት ቤት የገባችው ዓለም ሁሉ ማስክ ባጠለቀበት ሚያዝያ ነው። ልጆቹ ያኔ ምሳቸውን የሚበሉት ሁሉም ወደ ሰሌዳው ዞረው፣ ቃል ሳይተነፍሱ ነበር። ከፊት ያለው ከኋላ ያለውን አያይም። ካሆ የመጨረሻው ረድፍ ላይ ነበረች። እንዲህ ሆኖ ሁለት ዓመት ሙሉ የክፍል ጓደኞቿ ከአፍንጫዋ በታች ያለውን ሳያውቁ አብረዋት ተማሩ።

በዚያ በመጀመሪያው ዓመት አንድ ምሽት፣ እናትና ልጅን ገበያ አዳራሹ ውስጥ ጎመን ሲመርጡ አገኘኋቸው። ካሆ አዲሱን ዩኒፎርሟን እንደለበሰች ነበር።

«ውይ ካሆ! እንዴት አምሮብሻል በይ!» አልኩ። «ዓይኖቿን እዪልኝ፣ እትዬ ቶሞኤ፤ ይቺ ልጅ የሰው ልብ ልትሰብር ነው።»

ቶሞኤ እጇን እያወናጨፈች ሳቀች። «ኧረ ተይኝ ባክሽ! ማስኩ ነው እኮ! አውልቀሽ ብታዪው ከሥሩ የአባቷ አገጭ ቁጭ ብሏል!»

«ኧረ እንዲህ አትበይ» አልኩ እየሳቅሁ።

«ምን ላርግ እህቴ? መርከበኛ አግብቼ መልሕቅ ወለድኩ!»

ተሳሳቅን። በእኛ ዘንድ ልጅሽ ስትመሰገን «አዎ» ማለት ነውር ነው፤ ምስጋናውን ትገፊያለሽ፣ ልጅሽን ዝቅ ታደርጊያለሽ። እናቴም ስለኔ እንዲሁ ትል ነበር፤ የእናቴም እናት። ቶሞኤ ወጉን ፈጸመች፣ እኔም ወጉን ፈጽሜ ሳቅሁ፤ ዋጋው የወረደ ጎመን ገዝተን ተለያየን። ካሆ ቅርጫቱን ይዛ አጠገባችን ቆማ ነበር። የሳቀች መሰለኝ። ማስክ ባደረገ ሰው ላይ የሳቀውና ያልሳቀው ልዩነቱ አይታይም።

የማስኩ ግዴታ የቀረው ካሆ ሦስተኛ ዓመት፣ ማለትም የመጨረሻው ዓመት ላይ ስትደርስ ነው። ርእሰ መምህሩ «ከእንግዲህ እንደየፈቃዳችሁ» አሉ። የክፍሉ ጠረጴዛዎችም ለምሳ ስድስት ስድስት እየሆኑ ፊት ለፊት ተገጣጠሙ። መጀመሪያ ሁለት ሦስት ልጆች አወለቁ፣ ከዚያ ሃያ፤ ሰኔ ላይ በክፍሏ ካሆ ብቻ ቀረች።

በመካከሉ አንድ ቀልድ ገባ። በማስክ ቆንጆ መስሎ ሲያወልቅ ያልጠበቁት የሆነባቸውን ሰው ልጆቹ «የማስክ አጭበርባሪ» ይሉት ጀመር። የካሆ የቅርብ ጓደኛ ሪሪካ አንድ ቀን የአንዲት ዘፋኝ ሁለት ፎቶ በስልኳ እያሳየች፣ «ከላይ ልዕልት፣ ከታች ድንች! አጭበርባሪ! ገንዘባችንን መልሺ!» ስትል ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ። ካሆም አብራ ሳቀች።

«እኔን ማንም ምንም ብሎኝ አያውቅም፣ እትዬ» አለችኝ ኋላ። «አንድም ሰው። ግን ምን እንደሚሉ አውቀዋለሁ፤ አብሬያቸው ስል የነበርኩት እኔ ነኛ!»

ምሳ የሚያቀርቡት ልጆቹ ራሳቸው ናቸው። በየሳምንቱ ከየክፍሉ ስድስት ተረኞች ነጭ ጋዋን፣ ነጭ ቆብና ማስክ አድርገው ከማድ ቤቱ መስኮት ድስቱን ይቀበላሉ፣ ወደ ክፍል አውጥተው ለጓደኞቻቸው ይጨልፋሉ። ዓርብ ጋዋኑን ቤታቸው ወስደው፣ አጥበው ተኩሰው፣ ሰኞ ለሚቀጥለው ያስረክባሉ። ተረኛ ሁሌም ማስክ አለው፤ «ለምን?» የሚለው የለም። ለራሱ የሚቀዳውም ከሁሉ በኋላ ነው። ታዲያ ተራ የሚወድ ልጅ አይቼ አላውቅም። ሾርባው ይከብዳል፣ ጋዋን መተኮስ ይሰለቻል።

ካሆ ግን በግንቦት «ተራሽን ልውሰድልሽ» ማለት ጀመረች። ማን እምቢ ይላል? በየቀኑ ስድስት ሰዓት ከሃያ ሲሆን መስኮቱ ላይ እሷ አለች።

«ሦስተኛ ዓመት ሁለት ክፍል፣ ሾርባ!»

«ዛሬም አንቺ?» ይሏታል እማማ ኩዋባራ። «ደሞዝ ልንቆርጥልሽ ነው!»

«ጡረታዬንም አብረው ያስቡልኝ፣ እማማ።»

«ወይ ጉድ! ምላሷ ደግሞ እንዴት ተስሏል!»

እኔ ልቤ ሞላ። በዚህ ዘመን እንዲህ ያለች ልጅ አለች ብዬ ለክፍል ኃላፊዋ ለመምህር አይዛዋ «ያቺ ልጅ ወርቅ ናት፣ ይወቁልኝ» አልኳቸው። ገና ወጣት ናቸው፣ ደግ ነገር ሲሰሙ ጆሯቸው ቀይ ይሆናል። ሰኞ በሰልፍ ላይ ስሟን ጠርተው አስጨበጨቡላት። የተደበቀችበትን ቦታ ጠቁሜ ያስጨበጨብኩባት እኔ ነኝ፤ ያኔ አላወቅሁም።

መስከረም ላይ ወተቱን አየሁ። ልጆቹ ባዶውን የወተት ካርቶን ጠፍጥፈውና አጥፈው መመለስ አለባቸው። ከሦስተኛ ዓመት ሁለት ክፍል ሠላሳ ሁለት የታጠፈ ካርቶን መጣ፣ አንድ ደግሞ እንደታሸገ። የቀረ ልጅ አለ ብዬ ተውኩት። በማግሥቱም አንድ። በሦስተኛውም አንድ። የዳቦ ቀን ከሆነ አንድ ዳቦ ከነፕላስቲኩ፤ የሩዝ ቀን ከሆነ ድስቱ ውስጥ የአንድ ሰው ያህል። የቀሪዎቹን ዝርዝር አየሁ፤ ከዚያ ክፍል ማንም አልቀረም።

«የማን ነው ይሄ ወተት?» አልኳት አንድ ቀን መስኮቱ ላይ።

«የኔ። ወተት አልወድም።»

አመንኳት። «እሺ፣ አጥንትሽ ይጠየቅ» ብዬ ቀልጄ አለፍኩ። ዳቦውን ለመጠየቅ እስከ ኅዳር ቆየሁ። ያን ቀን ድስቱን ስትመልስ እጇን ከነእጀታው ይዤ አልለቅ አልኩ።

«ካሆ፣ ወተቱ ይሁን። ዳቦውስ?»

እጇን ለመሳብ ሞከረች።

«ሾርባውስ? ዓሣውስ?»

«እትዬ፣ ይልቀቁኝ፤ ሰው እያየን ነው።»

ተማሪ ማድ ቤት መግባት ስለማይፈቀድለት ከትምህርት በኋላ አትክልት የሚራገፍበት በረንዳ ላይ፣ ባዶ ሳጥን ላይ ተቀመጥን። ሁሉንም ያን ጊዜ ነገረችኝ። ለሁሉም ቀድታ ስትጨርስ ለራሷም ትቀዳለች፣ ትሪዋን ይዛ ትቀመጣለች፣ ሌሎቹ ሲያወሩ ትሪውን እንደያዘች ትነሣለች፤ ተረኛ ስለሆነች መነሣቷን ማንም ልብ አይለውም። ከዚያ ወደ ድስቱ ትመልሰዋለች።

«ከመቼ ጀምሮ?»

«ማስክ የቀረ ጊዜ።»

«ሰባት ወር? አንቺ ልጅ፣ ምን በልተሽ ነው ያን ድስት የምትሸከሚው?»

«ማታ እበላለሁ። ብቻዬን ስሆን።» ከዚያ፣ «ገበያ ያሉት ትዝ ይልዎታል? ዓይኖቿን እዪልኝ ብለው?» አለችኝ።

«ትዝ ይለኛል።»

«የእናቴስ መልስ?»

እሱም ትዝ አለኝ።

እኔ እንግዲህ መላ ሲጠፋ የማልወድ ሰው ነኝ። ልቅሶ ድስት አያጥብም። በማግሥቱ የትምህርት ቤቱን ነርስ አነጋገርኩ፤ ምሳዋን ሕክምና ክፍሉ ውስጥ ከመጋረጃ በስተጀርባ እንድትበላ ፈቀዱ። ጎረቤቴንም ዝም ማለት አልሆነልኝም፤ ማታ ቶሞኤ ቤት ሄድኩ።

«ምሳ አትበላም?» ጮኸች ቶሞኤ። «ኧረ አንቺ! እቤት እኮ እንደ ጅብ ነው የምትበላው!» ከዚያ ነገሩን ሁሉ ስነግራት ወንበር ስባ ተቀመጠች። ለረጅም ጊዜ የጠረጴዛውን ጨርቅ ጫፍ አጠፈች፣ ዘረጋች።

«ለወጉ ነው ያልኩት» አለች። «አንቺም ነበርሽ። ለወጉ ነው አይደል?»

«ለወጉ ነው።»

«ቆንጆ ናት ብዬ ነበር ማለት የነበረብኝ? ሰው ምን ይለኝ ነበር?»

ያጠፈችውን የጨርቅ ጫፍ እኔ ዘረጋሁላት።

ሦስት ሳምንት ግን ሠራልን። ከሕክምና ክፍሉ የሚመጣው ትሪ ባዶ፣ ካርቶኑ በሥርዓት የታጠፈ። ዐሥራ አራት ካርቶን ቆጠርኩ። እማማ ኩዋባራ ሳያዩ ሾርባዋ ላይ ድንች እጨምር ነበር፤ እማማ ኩዋባራ ደግሞ እኔ ሳላይ ሥጋ ይጨምሩ ነበር። ይኸው፣ ይቻላል አልኩ። እስከ ምርቃት በመጋረጃ፣ ከዚያ አዲስ ትምህርት ቤት፣ አዲስ ሰዎች፤ ቀስ በቀስ።

ያልቆጠርኩት ክፍሉን ነበር። ስድስት ሆነው ከተቀመጡበት የሪሪካ ምድብ አንድ ወንበር ባዶ ሆነ። ሪሪካ በክፍል ስብሰባ ላይ ተነሥታ አለቀሰች አሉ። «ካሆ ብቻዋን እየበላች እኛ እንዴት ይጣፍጠናል?» ብላ። ሌሎቹም አለቀሱ። ምሳ የሚጀመረው ሁሉም ቦታው ላይ ሆኖ፣ እጅ ለእጅ ገጥሞ፣ በአንድ ድምፅ «እንቀበላለን» ሲል ነው፤ ከዚያ በፊት ማንም ማንኪያ አያነሣም። ስለዚህ ወሰኑ፦ ካሆ መጥታ ቦታዋ ላይ ሳትቀመጥ «እንቀበላለን» አንልም። እንጠብቃታለን።

መምህር አይዛዋ ጆሯቸው እንደቀላ መስኮቱ ድረስ መጥተው ነገሩኝ። «እኔ አይደለሁም ያልኳቸው! ልጆቹ ራሳቸው ናቸው ያመጡት!»

እውነቱን ልናገር፤ እኔም እንባዬ መጣ። ደግ ነገር መሰለኝ። ደግም ነበር። ያን ቀን የሚቀርበውን የዶሮ ጥብስ ለዚያ ክፍል ትላልቁን መርጬ ላክሁ።

ታኅሣሥ ውስጥ፣ ሐሙስ ቀን ነው። ተረኞቹ የዶሮውን መቆንጠጫ ረስተው ስለሄዱ እኔ ይዤ ወጣሁ፤ እንዲህ ሆኖ ነው ያየሁት። ሠላሳ ሁለት ልጅ እጁን ገጥሞ፣ ጀርባውን አቅንቶ፣ ጸጥ ብሎ ተቀምጧል። ከሾርባው እንፋሎት ይነሣል። ነርሷ ካሆን ይዘው መጡ፤ «ተርበው እየጠበቁሽ ነው» ብለዋት ነው አሉ። በዚህ ላይ «አልሄድም» የሚል ልጅ እኛ አገር ገና አልተወለደም።

ገብታ ቦታዋ ተቀመጠች። ማንም ምንም አላለም። እጃቸውን እንደገጠሙ ናቸው። ቀና ብሎ ያየ የለም፤ ሁሉም ግን ያያታል። የአንዱ ሆድ ጮኸ። ሁለት ልጆች ሳቃቸውን ዋጡ። እንፋሎቱ ቀነሰ። እኔ መቆንጠጫውን እንደያዝኩ ኮሪደሩ ላይ ቀረሁ፤ ልግባ ወይስ ልመለስ አላውቅም።

ካሆ ከአንዱ ጆሮዋ አወለቀች። ከዚያ ከሌላው።

ከዚያ ሪሪካ፣ «ቆንጆ ነሽ እኮ!» ብላ ጮኸች። «ካሆ፣ ቆንጆ ነሽ!» አንዱ ማጨብጨብ ጀመረ። ከዚያ ሁሉም አጨበጨቡ፤ መምህር አይዛዋም፣ ነርሷም።

ካሆ ማስኳን በሁለት አጥፋ ኪሷ ከተተች። እጆቿን ገጥማ ከሁሉም ጋር «እንቀበላለን» አለች። ዶሮዋን በላች። ዳቦዋን በላች። ወተቷን ጠጥታ ካርቶኑን አጠፈች።

ያን ቀን ከሦስተኛ ዓመት ሁለት ክፍል የተመለሰው ትርፍራፊ ዜሮ ነበር። ሠላሳ ሦስት የታጠፈ ካርቶን። እማማ ኩዋባራ ሚዛኑን እያዩ፣ «እልል በሉ!» አሉ። እኔም መዝገቡ ላይ ዜሮዋን ደማቅ አድርጌ ጻፍኳት።

ዓርብ ካሆ አልመጣችም። ሰኞም። ከዚያ በኋላ ያንን ክፍል ደግማ አልረገጠችም።

በጥር ቶሞኤ አስገባችኝ። «አንቺን ብቻ ነው እሺ ያለችው» አለች፤ ሣቂዋ ሴት ድምጿ አልቆ። ካሆ ክፍሏ ውስጥ፣ ወለል ላይ፣ ማስክ አድርጋ ተቀምጣለች። እቤቷ ውስጥ። ምግቧ በር ላይ ይቀመጥላታል፣ ሳህኑ በር ላይ ይመለሳል። እናቷ ፊቷን ካየች ስድስት ሳምንት አልፏል። ጥግ ላይ የክፍል ጓደኞቿ የላኳቸው ካርዶች ተደርድረዋል፤ ሁሉም ላይ «እንጠብቅሻለን» ይላል።

«ተበሳጭተሽባቸው ነው?» አልኳት።

«በምን እበሳጫለሁ? ጥሩ ልጆች ናቸው።»

«ታዲያ ምነው?»

«እትዬ፣ ሪሪካ በሚያዝያ ስታወልቅ ማን አጨበጨበላት?»

«…ማንም።»

«ታዲያ ለኔ ለምን ተጨበጨበ?»

ቁጭ ብዬ አሰብኩ። እስካሁንም እያሰብኩ ነው። ሦስት ቃል ባገኝላት ሦስት ዓመት ደሞዜን እሰጥ ነበር። «እውነት ቆንጆ ስለሆንሽ ነው» ልል አፌን ከፈትኩና የባሰ ጭብጨባ እንደሚሆን ገብቶኝ ዘጋሁት። ያን ቀን ነው ሒሳቡን የሠራነው፤ ማስኩን፣ እንቅልፉን፣ ውሸቱን። እየሳቀች ነበር የምትቆጥርልኝ። ይመስለኛል።

ለሚቀጥለው ትምህርት ቤት ማመልከቻ ፎቶ ይጠይቃል፤ ከግንባር እስከ አገጭ፣ ያለ ማስክ። ቀኑ በየካቲት አለፈ። ቶሞኤ በደብዳቤ የሚያስተምር ትምህርት ቤት አገኘች፤ እሱም ፎቶ ይላል። ቅጹ እስከዛሬ ማቀዝቀዣቸው ላይ በማግኔት ተለጥፏል።

የምርቃት መጽሔቱ ላይ ክፍሉ በሙሉ ደረጃ ላይ ተሰልፎ ተነሥቷል። በዕለቱ ለሌለ ልጅ ቀኝ ጫፍ ላይ ትንሽ ክብ ይሠራለታል፣ ፎቶው እዚያ ይገባል። የካሆ ክብ ውስጥ የስድስተኛ ክፍል ፎቶዋን አስገቡ፤ ሌላ ፎቶ አልነበራትማ። እሷ ስታየው፣ «ይቺ ልጅ ገና ምንም አልሰማችም» አለች።

በመጋቢት የምርቃቱ ዕለት ልጆቹ ሁሉ ተሸኝተው ግቢው ባዶ ሲሆን፣ ዐሥር ሰዓት ላይ ካሆ በጎን በር መጥታ ሰርተፊኬቷን ርእሰ መምህሩ ቢሮ ውስጥ ተቀበለች። ሦስት ሰው ነበር። አጨብጭበዋል ብዬ ፈርቼ ነርሷን ጠየቅኳቸው፤ «አላጨበጨብንም፣ ዝም ብለን ጎንበስ አልን» አሉኝ። ለምርቃት በቀይ ባቄላ የተቀቀለ ሩዝ እንሠራለን፤ የእሷን ድርሻ አስቀርቼ፣ ላዩን ሰሊጥና ጨው ነስንሼ፣ በራሴ የምሳ ዕቃ ስትወጣ ሰጠኋት።

«ትኩስ ነው» አልኳት። «ወተትም አለው።»

«አመሰግናለሁ፣ እትዬ። ለእማማ ኩዋባራ ጡረታዬን እንዳይረሱ ይበሉልኝ።»

በማግሥቱ የምሳ ዕቃው በራችን ላይ ተሰቅሎ አገኘሁት። ታጥቦ፣ ደርቆ፣ በጨርቅ ታስሮ። ሰባት ዓመት ሰው የመለሰውን እያየሁ በላ፣ አልበላ ስል ኖሬያለሁ፤ የታጠበ ዕቃ ግን ምንም አይናገርም። አሸተትኩት። ሳሙና ሳሙና ብቻ ይላል። የወተቱ ካርቶን የለም፤ ታጥፎም አልመጣ፣ ታሽጎም አልመጣ።

ባለፈው ሳምንት አንዲት ጎረቤት ኡታን መንገድ ላይ አቁማ፣ «ውይ ስታምር! እናቷን ቁርጥ!» አለች። አፌ ያለ እኔ ፈቃድ ተከፈተ፤ «ኧረ ምኗ! የአባቷን ጆሮ አላየሽም?» ሊል ነበር። ኡታ አራት ዓመቷ ነው፣ ቀና ብላ አፌን እያየች ነበር። «አመሰግናለሁ» አልኩ። ጎረቤቴ ጉንጯን በጥፊ የመታኋት ያህል ደነገጠች፤ ከዚያ ወዲህ ሰላምታዋ ቀዝቅዟል። ይቀዝቅዝ። ለኡታ ይጠቅም ይሆናል። ለካሆ ግን አራት ዓመት ዘግይቷል።

ይህን እንደምጽፍ ለካሆ ነግሬአታለሁ። በበሩ ሥር በወረቀት ጻፍኩላት፤ አሁን እኔንም አታስገባም። እናቷ ያለችውን ልጻፈው ወይ ብዬ ጠየቅኳት። «እሱ የእናቴ ነው፣ እሷን ይጠይቁ» ብላ መለሰች፤ ቶሞኤ ደግሞ «ጻፊው፣ አንድም ቃል አታስቀሪ» አለችኝ። ፊቷን ግን እንዳልገልጽ ካሆ ከለከለችኝ፤ አልገለጽኩም። ከወረቀቱ ጀርባ ለሚያነበው ሰው አንድ ነገር ይለምኑልኝ ብላ በእርሳስ ጽፋ ነበር። እንዳለ ይኸው፦

«እባካችሁ፣ ቆንጆ ትሆናለች ብላችሁ አታስቡልኝ። አስቀያሚ ትሆናለች ብላችሁም አታስቡ። ፊቴን ተዉት። እኔን መጠበቅ ይቅርባችሁ፤ ሾርባው ሳይቀዘቅዝ ጀምሩ።»